ስድስት ትከሻ እና አንድ ባዶ እግር

የእናቷን ሞት ያልሰማች ልጅ እናቷን በስሟ ብትጠራት... የተጠራችውም ብትመጣ... ጥፋቱ የማን ነው?

ይህን ስጠይቅ ሠላሳ ዓመት አለፈኝ። ቄስ ጠይቄያለሁ፣ ሐኪምም ጠይቄያለሁ። እስካሁን መልስ የሰጠኝ የለም።

ይሄ ተረት ነው የሚል ካለ ከአሁኑ ይለፈው። እኔ በዓይኔ ያየሁትን፣ በጆሮዬ የሰማሁትን ነው የምጽፈው። የማጋነን ልማድ የለኝም። የመናደድ ግን አለኝ። አሁንም የምጽፈው ተናድጄ ነው።

ጊዜው በፈረንጆች 1993፣ ክረምት ሳይሆን የሐምሌ ሙቀት ነው። ቦታው እስራኤል አገር፣ ረሆቮት ከተማ፣ ክፋር ግቢሮል ሰፈር። ሰዓቱ ከቀትር በኋላ አራት ሰዓት፣ በእኛ አቆጣጠር አስር ሰዓት።

ሌሊት አልነበረም። ጨለማም አልነበረም። ፀሐይ አናት የሚበሳበት ሰዓት ነው። ይህን ልብ በሉልኝ።

ማናለሽ ዛሬ የት ናት ብላችሁ ደግሞ አትጠይቁኝ...

አማረች እባላለሁ። ያን ጊዜ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ከልጅ ልጄ ከማናለሽ ጋር እኖር ነበር። አስራ አምስት ዓመቷ ነው። ትምህርት ቤት "ማናለሽ ይከብደናል" ብለው አያላ የሚል ስም ለጠፉላት። ምኑ ነው የሚከብደው? ተሸክሟት የመጣ ማን ሆነና!

እናቷ ማንተገብሽ የእኔ ልጅ ናት።

ናት እላለሁ... ነበረች።

በፈረንጆቹ ሰማንያ አራት፣ ሱዳን ካምፕ ውስጥ፣ በትኩሳት ሞተችብኝ። ማናለሽ ስድስት ዓመቷ ነበር። እሷም ታማ ሌላ ድንኳን ውስጥ ተኝታለች። ስትነቃ "እማ የት ሄደች?" አለችኝ።

"ወደ ጎንደር ተመለሰች። ትመጣለች" አልኳት።

ይኸው ነው ውሸቴ። ከዚያ አይበልጥም።

የእኛ ሰው ያውቀዋል፣ መርዶ ዝም ብሎ አይነገርም። ለብቻ አይነገርም፣ በስልክ አይነገርም። ሽማግሌዎች ተማክረው ቀን ይቆርጣሉ፣ ጎህ ሲቀድ ተሰብስበው ይመጣሉ። እስከዚያ የሚያውቅ ሁሉ አፉን ይይዛል። ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል፤ የማያውቀው ባለቤቱ ብቻ ነው።

ልጅ ናት፣ ይደር ተባለ። ዕብራይስጡን ትልመድ፣ ይደር። ፋሲካው ይለፍ፣ ይደር...

ዘጠኝ ዓመት አደረ።

በዘጠና አንድ ያ ሁሉ ሰው ባንድ ጊዜ ከአዲስ አበባ ሲመጣ፣ ማናለሽ መጤዎቹ ባረፉበት ሁሉ ሆቴል ለሆቴል ዞረች። ፎቶ የላትም። ስም ብቻ ይዛ "ማንተገብሽ የምትባል ከእናንተ ጋር አለች?" እያለች ጠየቀች።

እኔም አብሬያት ዞርኩ። አዎ፣ እኔ! በእጄ የቀበርኳትን ልጄን ሆቴል ለሆቴል ስፈልግ ዋልኩ!

እንግዲህ ስለ ልጆቹ የሙዚቃ ባንድ ልንገራችሁ።

የሰፈራችን ልጆች ቅዳሜ ሲወጣ ቴል አቪቭ ዲስኮ ቤት ይሄዱ ነበር። ይሄዱ ነበር እላለሁ እንጂ አይገቡም። በሩ ላይ የቆመው ወጠምሻ "ዛሬ የግል ድግስ ነው" ይላቸዋል። ከኋላቸው የመጡትን ነጮች ግን ፈገግ እያለ ያስገባል። ሦስት ጊዜ ሄዱ፣ ሦስት ጊዜ ተመለሱ። አሁንም ሳስበው ደሜ ይፈላል።

በሦስተኛው ተዘራ የሚባለው የጎረቤት ልጅ "በቃ፣ የራሳችንን ዲስኮ እንሠራለን" አለ።

ተዘራ ኦርጋን ነበረው። ኦርጋኑ ሲከፈት ራሱ ከበሮ ይመታል፤ ዱም፣ ዱም፣ ዱም። እዚያ ላይ እስክስታ ጨመሩበት። ሦስት ነበሩ። ተዘራ፣ አበራ የሚባል ከጎረቤት ከተማ ከነስ ጺዮና የሚመጣ ልጅ፣ እና የኔዋ ማናለሽ። ስማቸውን "ስድስት ትከሻ" አሉት። ሦስት ሰው፣ ስድስት ትከሻ።

ትምህርት ቤት እስክስታ ሲመቱ ይሳቅባቸው የነበሩ ልጆች እኮ ናቸው! በወር ውስጥ ካሴታቸው ከእጅ ወደ እጅ ዞረ። ከራምላና ከሎድ ሳይቀር ልጆች ፀጉራቸውን ቅባት አስነክረው በአውቶቡስ ይመጡ ጀመር። እኔ አሮጊቷ እንኳ ሰሐን ሳጥብ ትከሻዬ ይንቀጠቀጥብኝ ነበር።

የሚለማመዱት ከፎቁ ሥር ሚክላቱ ውስጥ ነው። በጦርነት ጊዜ የምንደበቅበት ቤት። መስኮት የለውም። ወፍራም የብረት በር አለው።

አንድ ቀን በአስር ሰዓት በረዶ የገባበት ውኃ ይዤላቸው ወረድኩ።

በሩ ገርበብ ብሏል። ከመግባቴ በፊት ቆሜ አዳመጥኩ። ስኒከር ሲሚንቶ ላይ ሲፈተግ ድምፁ ይታወቃል። ሲጥ፣ ሲጥ፣ ሲጥ ይላል።

በመሐል ግን ሌላ ነገር ሰማሁ።

ጠፍ... ጠፍ... ጠፍ...

ባዶ እግር ነው። ባዶ እግርን እኔ አልስተውም። ከጎንደር እስከ ሱዳን ስሰማው ነው የመጣሁት።

ገባሁ። ሦስቱም ስኒከር አድርገዋል። ክሩ ታስሯል።

"ጫማውን ያወለቀ ማነው?" አልኩ።

"እዚህ?" አለ አበራ። "እማማ፣ በረሮው እኮ ከኛ በላይ እስክስታ ይችላል። ማን እብድ ነው የሚያወልቅ?"

ሳቁ። እኔም ልስቅ ነበር።

"ያላ፣ ከመጀመሪያው" አለ ተዘራ። ኦርጋኑን መታ። ማናለሽ አዲሱን ዘፈን ጀመረች።

"ማንተገብሽ ነይ፣ ነይ በትከሻሽ፣
ባሕር ተሻግሬ እየጠበቅኩሽ..."

ጆጉ በእጄ ላይ ዘመመ። ውኃው ነጠላ ጫማዬ ላይ ፈሰሰ።

"ይህን ስም ማን አስገባው?"

"እኔ" አለች። "የእናቴ ስም ነው። ምን አለበት?"

"አውጪው!"

"ማ ፒትኦም! ለምን ሲባል?"

"አውጪው አልኩሽ!"

ቀረብ ብላ እጄን ያዘችኝ። ዓይኗ ያበራል። "እማማ፣ ስሚኝ። ካሴቱን ለአማርኛው ሬዲዮ እንሰጠዋለን። ሬዲዮው ጎንደር ድረስ ይሰማል ይላሉ። ስሟን ከሰማች ትመጣለች። ዘጠኝ ዓመት የቀረችው የት እንዳለን ስላላወቀች ነው።"

ምን ልበል?

ተዘራን አየሁት። ዓይኑን ኦርጋኑ ላይ ተከለ። እሱም ያውቃል። እናቱ አምሳለ ነግራዋለች ማለት ነው። ልጅቷ የሞተ ሰው ስትጠራ እያወቀ ከበሮ ይመታላታል!

እየተጣደፍኩ ወጣሁ። አባ መኩሪያ፣ የሰፈሩ ሽማግሌ፣ እንደ ልማዳቸው ከማትናሱ፣ ከወጣቶች አዳራሹ ፊት ለፊት አግዳሚ ላይ ተቀምጠዋል።

"አባ መኩሪያ፣ ልጅቷ እናቷን በዘፈን እየጠራቻት ነው። ይንገሯት!"

"አሁን? የአምሳለ ሴት ልጅ ሠርግ ደርሶ? ለቅሶ ተክለን ሠርግ እናፍርስ?"

"ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ሠርግ የሌለበት ሳምንት ጠፋ?"

"አማረች፣ ድምፅሽን ቀንሺ። ይደር ይደር ስትይ የኖርሽ አንቺ ነሽ። እዚህ እንደገባን እንንገራት አላልኩሽም?"

ብለውኝ ነበር። እውነት ነው። የሚያንገበግበኝም ይኸው ነው።

ከዚያ ጎንበስ ብለው አንሾካሾኩ። "ስንት ጊዜ ጠራቻት?"

"እኔ ምን አውቄ! ዘፈን አይደል? በየአዝማቹ ነው።"

እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ።

"አባቴ አንድ ነገር ይሉ ነበር" አሉ። "መርዶው ያልተነገረ ሰው... ገና መንገድ ላይ ነው።"

በማግስቱ ተዘራ ቤቴ መጣ። ደረጃው ላይ ቆሞ ወደ ኋላው እያየ።

"እማማ፣ ብቻዎን ነዎት?"

"ብቻዬን ነኝ። ምን ሆነሃል?"

ቴፑን ጠረጴዛዬ ላይ አስቀመጠ።

"ይሄ የመጀመሪያው ልምምዳችን ነው። ያዳምጡ።"

ዱም ዱም ዱም... ሲጥ ሲጥ... ከዚያ ከሩቅ፣ በጣም ከሩቅ፣ ጠፍ... ጠፍ...

"ይሄ ደግሞ ያለፈው ሳምንት።"

ጠፍ። ጠፍ። ጠፍ። ቀርቧል።

"ይሄ የትላንቱ ነው።"

ከበሮው እስኪጠፋብኝ ድረስ... ጠፍ። ጠፍ። ማይክሮፎኑ ሥር። ከዚያ ቆመ። የደከመው ሰው ሲቆም እንደሚያደርገው፣ አንድ ረጅም ትንፋሽ።

"አጥፋው" አልኩት።

"እየመጣ ነው እኮ፣ እማማ። በየቅጂው እየቀረበ ነው።"

"እያወቅህ ለምን አልነገርካትም?"

"እናቴ ምላሴን ትቆርጠዋለች!" ብሎ ጮኸብኝ። "እርስዎስ? ለምን አልነገሯትም?"

ልመታው እጄን አነሳሁ። አየሁት... አወረድኩት።

ማክሰኞ ማትናሱ ውስጥ የልጆች ዝግጅት ነበር። በአስር ሰዓት። ትልልቅ መስኮቶች፣ ሙሉ ብርሃን። እኛ ትልልቆቹ ከኋላ ተቀመጥን። አጠገቤ ባለው ባዶ ወንበር ላይ ቦርሳዬን አስቀመጥኩ። ይህንንም ልብ በሉልኝ።

ስድስት ትከሻ ሲወጡ አዳራሹ ተናጋ። ልጆቹ ወንበር ላይ ቆሙ። የኔዋ መሐል ናት፤ ትከሻዋ የተፈታ ይመስላል። ሁለት ዘፈን ተጫወቱ። ጭብጨባው ጆሮ ይበጥስ ነበር።

ሦስተኛውን ጀመሩ።

"ማንተገብሽ ነይ..."

ከኋላ ያለን ሰዎች በሙሉ ደረቅን። አንዲት ሴት ነጠላዋን ወደ አፏ ወሰደች። ሌላው አንገቱን ደፋ። ልጆቹ ዘወር ብለው ወላጆቻቸውን ሲያዩ የነሱም እጅ ቆመ።

የሚሰማው ኦርጋኑ ብቻ ሆነ። ዱም... ዱም... ዱም...

ማናለሽ ግን አላቆመችም። "ነይ በትከሻሽ..." ድምፅዋ ተሰበረ። ለምን ዝም እንዳልናት አታውቅም። አንድ አዳራሽ ሙሉ ሰው የሚያውቀውን እሷ ብቻ አታውቅም!

ያን ጊዜ... አንድ ሰው አጨበጨበ።

ቸብ። ቸብ። ቸብ። ከከበሮው እኩል።

አጠገቤ ነው።

አልዞርኩም። በሕይወቴ የፈራሁት ብዙ ነገር አለ፣ ሽፍታም፣ በረሃም አይቻለሁ። እንደዚያን ቀን ግን አንገቴ እንቢ ብሎኝ አያውቅም። መድረኩን ብቻ አየሁ። ማናለሽ ወደ እኔ አቅጣጫ እያየች ፈገግ አለች።

ሲያልቅ ቦርሳዬን ላነሳ እጄን ሰደድኩ።

ቦርሳዬ መሬት ላይ ነበር። ሰው ሊቀመጥ ሲል እንደሚያደርገው፣ ቀስ ተብሎ፣ ከወንበሩ እግር ተደግፎ ተቀምጧል።

ወደ ቤት ስንሄድ ማናለሽ ጠየቀችኝ።

"ሳቭታ፣ እማማ፣ አጠገብሽ የነበረችው ሴትዮ ማናት?"

"የቷ ሴትዮ? ማንም አልነበረም።"

"ኧረ አትቀልጂ! ብቻዋን ያጨበጨበችልኝ። ቁጭ ብላ ትከሻዋን ትመታ ነበር፤ ከኛ ታስንቃለች።" ትንሽ ተራመደችና ቀጠለች። "ግን ታሳዝናለች። ጫማ አላደረገችም። እግሯ ተሰነጣጥቋል።"

አጥር ይዤ ቆምኩ።

በትከሻዋ ብቻ ቢሆን ላላምን እችል ነበር። እኔ ያወቅኋት በእግሯ ነው።

ያን ዕለት ማታውን ተዘራ ኦርጋኑን አቅፎ ከሚክላቱ ወጣ። "አበቃ፣ ከእንግዲህ አልጫወትም" አለ። ምክንያት አልተናገረም። አበራም ወደ ነስ ጺዮናው ሄደና ቀረ። ስድስት ትከሻ የኖረው አስራ አንድ ሳምንት ብቻ ነው።

ማናለሽ በሩን በርግዳ ገባችብኝ።

"ምን አልሽው?"

"ምንም አላልኩት።"

"ከመጀመሪያው ስሟን አትፈልጊውም! እናቴ እንድትመጣ አትፈልጊም! ቤሰደር፣ እሺ። እኔ አንዳችሁንም አልፈልግም። እሁድ ጠዋት በመጀመሪያው ባቡር ቴል አቪቭ እሄዳለሁ። ካሴቱን ራሴ ለሬዲዮው እሰጣለሁ።"

አሰብኩት። ስሟ በአየር ላይ ሲጠራ። ጎንደር ያሉት፣ አዲስ አበባ ያሉት፣ መሞቷን የሚያውቁ ሁሉ ሲሰሙት። እሷም... እሷም ስትሰማው።

አባ መኩሪያ ቤት ሄድኩ። ሳልቀመጥ ተናገርኩ። "እሁድ ጎህ ሲቀድ ካልመጣችሁ ብቻዬን እነግራታለሁ።"

"ብቻሽን? ነውር ነው፣ አማረች!"

"ነውሩን ልንገርዎ? ነውር ማለት ስሟን እያወቃችሁ ጭብጨባ መንፈጋችሁ ነው! ነውር ማለት ልጅን ለሙት እንድትጨፍር ትታችሁ የሠርግ ቀን መቁጠር ነው! ነውር ማለት እኔ ነኝ!"

መጡ።

እሁድ፣ ከንጋቱ አስራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ። ሰማዩ ገና እየነጣ። ደረጃውን ዝም ብለው ወጡ። አስራ አንድ ሰው ነበሩ። ከጎረቤት ወንበር ስለተበደርኩ ለሁሉም ይበቃል።

አምሳለ ግን ግድግዳ ተደግፋ ቆመች። አንድ ወንበር ባዶ ነበር።

"ተቀመጪ እንጂ" አልኳት በሹክሹክታ።

ወንበሩን አየችው። "ሰው... ሰው ያለበት መስሎኝ" አለች። አልተቀመጠችም። ሌላም ሰው አልተቀመጠበትም።

ማናለሽ ከክፍሏ ወጣች። ለባብሳለች። ስኒከሯን አስራለች። ካሴቱን ይዛለች።

አየችን። ጠዋት ቤቱ ሙሉ ሰው፣ ሁሉም አንገቱን ደፍቶ። የእኛ ልጅ ምንም ቢሆን ይህን ያውቃል። ፊቷ ተለወጠ።

አባ መኩሪያ ተነሱ። "ልጄ... እናትሽ ማንተገብሽ አርፋለች።"

"መቼ?"

አባ መኩሪያ እኔን አዩኝ።

"መቼ?"

"ሱዳን። ዘጠኝ ዓመት ሆነ።"

ወደ እኔ ዞረች። አላለቀሰችም።

ሴቶቹ እንደ ወጉ ለቅሶ ጀመሩ። እኔም ደረቴን መታሁ። ዘጠኝ ዓመት ያልወጣ ለቅሶ ነው፤ ምን እንደምል አላውቅም ነበር። ማንም ያልሰማው ነገር ከአፌ ወጣ።

"ጫማዋን! ጫማዋን ከእግሯ ያወለቅሁት እኔ ነኝ!"

ለቅሶው ቀጥ አለ።

"ከካምፑ ሊያወጣን ወደመጣው መኪና የሚወስደው መንገድ እሾህ ነበር" አልኩ። "ያንቺ እግር ቆስሎ ነበር። ላስቲክ ጫማዋን አወለቅኩ፣ ጫፉ ላይ ጨርቅ ጠቅጥቄ ላንቺ አደረግሁልሽ። እሷን... ባዶ እግሯን ቀበርኳት። ላንቺ ብዬ ነው፣ ልጄ! ላንቺ ብዬ!"

ማናለሽ ጎንበስ አለች። የስኒከሯን ክር ፈታች። አንዱን። ቀስ ብላ ሁለተኛውን።

ጫማውን ይዛ በሰዎቹ መሐል አለፈች። ባዶው ወንበር ፊት ተንበረከከች። ለትልቅ ሰው እንደሚቀረብ፣ ለእግር እንዲመች አድርጋ፣ ጎን ለጎን አስቀመጠችው።

ካሴቱን ጠረጴዛው ላይ ተወችው።

ከዚያ በሩን ከፈተች። በባዶ እግሯ ወጣች።

"ማናለሽ!" አልኩ። ከተሰበሰበው ሰው አንድም የተነሳ የለም።

በሩ ክፍቱን ቀረ። ደረጃው ላይ ሰማናት። ጠፍ... ጠፍ... ጠፍ...

ወደ ወንበሩ ዞርኩ።

መሬቱ ላይ ጫማው የለም።

ከደረጃው፣ ከባዶው እግር ኋላ፣ ሌላ ድምፅ ተከተለ። ቀስ ብሎ። አዲስ ጫማ እንዳልለመደ ሰው...

ሲጥ... ሲጥ... ሲጥ...